በጀርባው የተጻፈበት ወረቀት

ሦስተኛው አንቀጽ ላይ ነጠላ ሰረዝ ልታስገባ እርሳሷን ስታስጠጋ እጇ ቆመ። «ለጤና ጣቢያዎች የተመደበው ድርሻ ከስምንት በመቶ ወደ ስድስት በመቶ ወርዷል» ይላል።

ታላቅ ወንድሟ የምጣኔ ሀብት ባለሙያ ነው። ስለ ግብር፣ ስለ መንግሥት ወጪ በየሳምንቱ ለጋዜጣ ይጽፋል፤ ያለ ቁጥር ስለማይናገር የጋዜጣው ሰዎች «ሰንጠረዥ» ብለው ስም አውጥተውለታል። እሷ የበጀት መሥሪያ ቤት ጸሐፊ ናት፤ ጽሑፉን ከመላኩ በፊት የምታርምለትም እሷው። ብክነትን እየወቀሰ ለረቂቅ አዲስ ወረቀት መግዛት ስለሚከብደው ከቢሮ የተጣለ ታመጣለታለች፤ እሱም ረቂቁን በጀርባው ይጽፋል፤ በንጹሕ ወረቀት የሚገለብጠው የሚላከውን ብቻ ነው።

የረቂቁን ክምር ስባ ገለባበጠችው። የራሷ ትየባ ነው፤ ገና ያልታወጀው በጀት፣ ገጽ አራት።

«ጋሼ፣ ይቺን ቁጥር ከዚህ ነው ያወጣሃት?»

አልካደም። በሳሙናና በስኳር ላይ ግብር የተጨመረበት ሕዝብ ገንዘቡ የት እንደሚገባ ማወቅ አለበት አለ። ከሥራዋ እንደምትባረር ብትነግረው፣ ከዚያ ሁሉ ሠራተኛ መሀል ማን እሷን ይጠረጥራል ብሎ እየተንጎራደደ አጣጣለው።

ስልኩ ጮኸ። አዘጋጁ ነው፤ ማተሚያ ቤቱ ከምሽቱ አምስት ሰዓት በላይ አይጠብቅም። የግድግዳው ሰዓት ለአምስት ሃያ ጉዳይ ይላል። ወንድሟ «አልቋል» ብሎ ዘጋና ጽሑፉን ሊቀበላት እጁን ዘረጋ። አልሰጠችውም።

«ስድስት እኮ ስህተት ነው» አለች ቀስ ብላ። «የአለቃዬን የእጅ ጽሑፍ አዛብቼ አንብቤ ነው። ያኔውኑ አይቶ ነገረኝ፤ አስተካክዬ እንደ አዲስ ተየብኩና ይቺን ጣልኳት። ስድስት የሚለውን ያየነው እኔና እሱ ብቻ ነን። ትክክለኛውን አትጠይቀኝ። ግን አልወረደም።»

ወንበሩን ሳበና ተቀመጠ። የሰውን ቁጥር ሲያበጥር የኖረ ሰው፣ በተጣለ ወረቀት ሊዋረድ ነበር።

«ምነው ይሄን አስቀድመሽ ብትነግሪኝ?»

«አስቀድሜማ ስለ ሥራዬ ነገርኩህ። ያኔ አልተቀመጥክም። ቁጥሩ ስህተት ነው ስልህ ተቀመጥክ።»

እርሳሷን ከእጇ ተቀብሎ አንቀጹን ከላይ እስከ ታች ሰረዘው፤ የመጨረሻውንም ገጽ እኩሌታ፣ በዚያው ቁጥር የቆመ ነበርና። የቀረው በአዋጅ የወጣው የሳሙናና የስኳር ግብር ብቻ ነው። ጽሑፉ አጠረ፤ ጉልበቱም ላላ።

«ይቅር በይኝ፣ እህት ዓለም» አለ ቀና ሳይል።

ገጽ አራትን ለሁለት፣ ከዚያ ለአራት ቀደደችው። እርሳሷን መልሳ ወሰደችና ከተረፈው ጽሑፍ ላይ የጎደለውን ነጠላ ሰረዝ አስገባች። ወረቀቶቹን አስተካክላ ፖስታ ውስጥ ከተተች፣ አሸገችው፣ የጠረጴዛው ጠርዝ ላይም አስቀመጠችው።