የሂራማኒ ፒክአፕ

ሂራማኒን ያወቅኋት በተራራማዋ ኩሉ ከተማ፣ ፍርድ ቤቱ በር ላይ ነው። እኔ እዚያ ራፖር ጸሐፊ ነኝ። እሷ ባሏ የሞተባት፣ ከላይኛው መንደር የፖም እርሻ ይዛ የምትኖር ሴት ነበረች። ፖሙን ወደ ገበያ የምታወርድባት አንዲት ፒክአፕ ነበረቻት። የገዛቻት የእናቷን የአንገት ወርቅ ሸጣ ነው። ሊብሬው በስሟ ሲሆን የሚነዳው ግን ታናሽ ወንድሟ ኬም ራጅ ነበር።

በመከር ወቅት ኬም ራጅ ፖም ጭኖ ሲወርድ አንድ ሰው መንገድ ላይ አስቆመውና ሁለት ሣጥን ፖም አስጫነው፤ እሱም ጋቢና ገባ። ኬላው ሲታይ ሰውዬው ለሽንት ልውረድ ብሎ ወረደ፤ በዚያው ቀረ። ፖሊሶቹ ሣጥኖቹን ሲከፍቱ ከፖሙ ሥር ስድስት ኪሎ ሀሺሽ አገኙ። ኬም ራጅ እስር ቤት፣ ፒክአፕዋ በኤግዚቢትነት ፖሊስ ጣቢያ ግቢ ገቡ።

ሂራማኒ መኪናዋ እንድትለቀቅላት ማመልከቻ ልታስጽፍ ወደ እኔ መጣች። ወንድሟን የሰው ዕቃ እንዳይጭን ከልክላው ታውቅ እንደሆነ ጠየቅኋት።

«ኧረ እኔማ ቦታ ከተረፈህ ጫንበት ነው የምለው» አለች። «ለነዳጁ እንኳ ይሆናል ብዬ።»

«እንዲህ ካልሽማ መኪናሽን እርሺያት። ባለቤት አላወቅሁም ማለቱ ብቻ አይበቃም፤ ተጠንቅቄ ነበር ማለት አለበት።»

«ታዲያ ውሸት አይሆንም?»

«ማመልከቻ ነው እህቴ። ሁሉም እንዲህ ነው የሚጽፈው።»

በዚያ ሳምንት ፖሙ ከዛፍ መርገፍ ጀምሮ ነበር። በመጨረሻ «ጻፈው» አለች፤ ጻፍኩት። ወንድሜን የማያውቀውን ሰው ዕቃ እንዳይጭን አጥብቄ ከልክዬዋለሁ የሚል ቃለ መሐላ ነው። ፈረመች።

የኩሉው ዳኛ ክርክሩ ሳያልቅ ኤግዚቢት አይለቀቅም ብሎ መለሳት። ሺምላ ላለው ከፍተኛ ፍርድ ቤት ይግባኝ አለች። ሁለት መከር በበቅሎ አወረደች፤ ግማሹ ፖም መንገድ ላይ ተላልጦ ከብት በላው። በሦስተኛው ዓመት ይግባኝ ሰሚው ባለቤትነቷንም ጥንቃቄዋንም ተቀብሎ መኪናዋ በዋስትና ትለቀቅላት አለ። ያን ቀን ጣፋጭ ይዛልኝ መጣች። እኔም ጥሩ የሠራሁ መስሎኝ በላሁ።

ልንረከብ አብረን ሄድን። ፒክአፕዋን የለየነው በሰሌዳዋ ነው። ጎማ የላትም፣ ባትሪ የላትም፣ ካምቢዮዋ ተፈትቶ ተወስዷል። ዝናብ ገብቶባት ወለሏ ተበልቷል፤ በሞተሩ ቦታ ሳማ በቅሎበታል። የንብረት ክፍሉ ፖሊስ ወረቀት ዘረጋላት። በደህና ሁኔታ ተረክቤያለሁ ይላል።

«ይቺን ነው ደህና የምትለው?» አለችው።

«ካልፈረምሽ ትቆያለች እናቴ። እኔ ምን ቸገረኝ፣ ቦታ አለን።»

ፈረመች። ዋስትናው ደግሞ መኪናዋን እንዳትሸጥ፣ ቅርጿን እንዳትለውጥ፣ ፍርድ ቤት ሲጠራት ይዛት እንድትቀርብ ያስገድዳታል። በክሬን አስጭና እቤቷ ወሰደቻት። ቆርቆሮ ገዢዎች ቢለምኗትም አልሸጠችም፤ አትችልም።

ከስድስት ወር በኋላ በኬም ራጅ ላይ ተፈረደ። እሱ ሲከራከር የኖረው እውነቱን ይዞ ነበር። የመንገደኛ ዕቃ መጫን የዘወትር ልማዳችን ነው፣ እህቴም ታውቃለች፣ ሣጥኑ ውስጥ ፖም መስሎኝ ነው ብሎ ነበር። ሂራማኒ ፍርዱን አምጥታ አንብብልኝ አለችኝ። አራተኛው ገጽ ላይ ስደርስ እኔው የጻፍኩትን አገኘሁ። ዐቃቤ ሕጉ ቃለ መሐላዋን ከይግባኙ መዝገብ አውጥቶ አቅርቦት ኖሯል። ዳኛው፣ የገዛ እህቱ አጥብቃ እንደከለከለችው በመሐላ አረጋግጣለች፤ ክልከላውን ጥሶ የጫነው ውስጡ ምን እንዳለ ቢያውቅ ነው ብሏል። ዐሥር ዓመት።

«ድገመው» አለች። ደገምኩት። ቢያንስ ብትሰድበኝ ብዬ ጠበቅሁ፤ ወረቀቱን አጥፋ ሻሿ ውስጥ አስገባችና ሄደች።

ከዚያ በኋላ የሆነውን የነገረችኝ በክረምቱ መጨረሻ፣ ለመንደሯ ሴት ምስክር ሆና በመጣች ጊዜ ነው። ወንድሟን ልትጠይቅ እስር ቤት ሄዳ ነበር። ሊያየኝ አይወጣም ብላ ስትፈራ ወጣላት። ከስቷል። ስለ ቃለ መሐላው አላነሳባትም።

«እትዬ፣ መኪናዋስ?» አላት። «ሰጡሽ?»

«ሰጡኝ።»

«ትሠራለች?»

«ትሠራለች» አለችው።

«እሰይ» አለ። «አንዳችን እንኳ ተፈታን።» ከዚያ ዘንድሮ ፖሙን ማን ጭኖ እንደሚወርድላት ጠየቃት፤ የአንዱን ጎረቤት ስም ጠራችለት። እሱ ፍሬን አብዝቶ ስለሚረግጥ ቁልቁለቱ ላይ በአንደኛ ማርሽ እንዲወርድ ንገሪው ብሎ አደራ አላት። እነግረዋለሁ አለችው።