ካሊድ ያዘገያቸው እንቁላሎች

ሐሊማ የጫጩት መፈልፈያውን መስታወት ላቦት በሻሿ ጫፍ ጠርጋ ወደ ውስጥ አየች። በእንቁላሎቹ አንድ ጎን ላይ በእርሳስ የኤክስ ምልክት አድርጋለች። ቁርስ ላይ ወደ ላይ የነበረው ምልክት ለምሳ ሲቃረብ ወደ ታች መዞር ነበረበት። አልዞረም።

መብራት ጠፍቶ እንደሆነ ብላ አምፖሉን አየች፤ በርቷል። እንቁላሎቹን የሚያገላብጠው ሞተርም ደህና ነው። ሞተሩን የሚያዘው ላፕቶፕ ሰዓትም ከስልኳ ሰዓት ጋር እኩል ነው። ሞተሩን «አሁን አዙር» የሚለው፣ ራሷ የጻፈችው ፕሮግራም ግን ገና ግማሹ ጊዜ ነው ያለፈው ይላል።

ይፋግ የሚኖሩት እናቷ ገብስማ ዶሮዎቻቸውን በዚህ ወር ፈንግል ፈጅቶባቸዋል። «ለዘር እንኳ አልተረፈልኝም» ብለው በስልክ ሲያዝኑ፣ «አይዞዎት፣ እኔ ዘንድ አለ» ብላቸዋለች። አለ ያለችው ዶሮዎቹ ከመታመማቸው በፊት የተለቀሙትን እነዚህን እንቁላሎች ነው። እንቁላል ደግሞ በጊዜው ካልተገላበጠ ጽንሱ ከቅርፊቱ ጋር ተጣብቆ ይሞታል።

በላፕቶፑ ውስጥ ፕሮግራሞች ሁሉ በጋራ የሚጠቀሙባቸውን ፋይሎች ከፈተች። ሁሉም ዓመታት ያስቆጠሩ ናቸው። ጊዜ የሚለካው አንዱ ብቻ ማክሰኞ ዕለት ተቀይሯል።

ባሏ ካሊድ ከጣና ዳር የገዛውን የተጠበሰ ዓሣ በፌስታል አንጠልጥሎ ገባ።

«ካሊዴ፣ ማክሰኞ ላፕቶፑን ምን አደረግኸው?»

«እኔ? ነይ ዓሣው ሳይቀዘቅዝ…»

«ካሊድ!»

ካሊዴ ካሊድ ሲሆን ነገር እንዳለ ያውቃል። ፌስታሉን አስቀመጠ።

«ያ ጓደኛዬ ብሩክ ነው። በመኪናው ጨዋታ በለጥሁት ብሎ ሱቅ ለሱቅ አወራብኝ። የመኪናዋ ፍጥነት አልያዝልህ ቢለኝ ጊዜ የሚያዘገይ ፋይል ከኢንተርኔት አወረድሁና በድሮው ቦታ ተካሁት። ወላሂ ሐሊሜ፣ እንደ እርጉዝ ላም መራመድ ጀመረች! ኩርባውን ሁሉ ተዝናንቼ ዞርሁት። የብሩክን ነጥብ በእጥፍ!»

«እንቁላሎቼንም አዘገየሃቸው።»

«እኔ መኪናዋን ነው ዝግ በይ ያልሁት። ዶሮዋን ማን ነካት?»

ሐሊማ ልትጮኽ አፏን ከፈተች፤ ዓይኑ ወደ ዓሣው ሲሸሽ አየችና ሐሳቧን ቀየረች።

«በረመዳን አዛን ሳይሰማ ቴምር ታነሳለህ?»

«አስተግፊሩላህ!»

«ሰፈሩም አያነሳም። እንግዲህ አንዱ ጎረቤት ሾርባዬ አልደረሰም ብሎ፣ ሙአዚኑን ‹አዛኑን ትንሽ አዘግይልኝ› ቢለውና እሱም እሺ ቢል?»

የካሊድ ፊት ጠቆረ። «አብዷል እንዴ? ለአንድ ሾርባ ሰፈሩ በረሃብ ይለቅ?»

«ፕሮግራሞችም እንዲያው ናቸው። ስንት ጊዜ እንዳለፈ ራሳቸው አይቆጥሩም፤ የጋራውን ፋይል ይጠይቃሉ። ጨዋታህም ሞተሬም የሚጠይቁት አንዱን ነው። አንተ ያመጣኸው ደግሞ ሲጠየቅ ግማሹን ብቻ ይናገራል።»

ካሊድ ጢሙን አሻሸ።

«ሾርባው ያልደረሰለት እኔ ነኛ።»

«አንተ ነህ። የድሮውን ፋይል አጥፍተኸዋል?»

«ኧረ! ‹አሮጌው› ብዬ ስም ሰጥቼ አስቀምጨዋለሁ።»

«ነጥብህ ግን ይሰረዛል።»

«ለብሩክ ማን ይንገረው?»

«አንተ።»

አሮጌውን ወደ ቦታው መለሰች፤ አዲሱን አጠፋች፤ ላፕቶፑን ዘግታ አስነሳችው። እንደ ገና ሞተሩን አዘዘችው። ሞተሩ እየተንገራገጨ እንቁላሎቹን አንከባለለ።

ከባዱ ሥራ ግን ገና ነበር፤ የትኛው እንቁላል በሕይወት እንዳለ ማየት። መጋረጃውን ጋረዱና ካሊድ የስልኩን መብራት ያዘላት። የመጀመሪያውን እንቁላል በመብራቱ ላይ ስታቆመው ውስጡ ደመና ብቻ ነው። ሞቷል ብላ ለብቻው አስቀመጠችው። ሁለተኛውም ደመና ሆነ።

ሦስተኛው ላይ ቀያይ ክሮች ታዩ፤ መካከላቸው ነጥብ የምታህል ነገር ትር ትር ትላለች።

«እጄ ነው እንዴ የሚንቀጠቀጠው?» አለ ካሊድ በሹክሹክታ።

«እጅህም ይንቀጠቀጣል። ይኼ ግን ልቡ ነው።»

«አልሐምዱሊላህ! ምን ያጣድፈዋል?»

«እሱን አላዘገየኸውም።»

ከዚያ በኋላ ያነሷቸው ሁሉ ክር ነበራቸው። የመጨረሻውን ካሊድ ራሱ በሁለት እጁ ተቀብሎ ከሌሎቹ አጠገብ አስተኛው፤ ሐሊማም ክዳኑን ገጠመች።