የዘሃራ ድስት

ተዋበች ከጠዋት ጀምሮ አንድ ቦታ መቀመጥ አቅቷታል። የተጠረገ ቤት ትጠርጋለች፣ የታጠበ ጣሳ ታጥባለች፤ ጆሮዋ ግን ከአጥሩ ማዶ፣ ዘሃራ ጓሮ ነው።

ነገሩ የድስት ነገር ነው። ጣልያን ከመቀሌ በወጣ በሁለተኛው ዓመት፣ ከሸዋ የመጣችው ተዋበችና ከወሎ የመጣችው ዘሃራ እዚያው መቀሌ ባንድ አጥር ተጎራብተው እንደ እህትማማች ይኖሩ ነበር። ባለፈው ዓርብ ዘሃራ ትልቁን ሸክላ ድስቷን ለማኅበር ምስር ወጥ አዋሰቻት፤ «የናንተ ሥጋ ብቻ እንዳይነካው» ብላ ቃል አስገብታት። የእስላምና የክርስቲያን ሥጋ እንደማይቀላቀል መቼም ሕፃንም ያውቃል። ታዲያ በማግስቱ የተዋበች ባል ከፋለ የቅርጫ ሥጋ ተሸክሞ ከች አለ። የራሷ ድስት ተሰንጥቋል። ምን ታድርግ? ማድረግ የሌለባትን አደረገች። በአመድ ፈትጋ፣ አጥባ መለሰችው። ሸክላ ግን የጠጣውን አይተፋም።

ዛሬ ዘሃራ ለሟች እናቷ ሰደቃ ታወጣለች፤ በዚያው ድስት።

«አጥበሽዋል አይደል? አፍሽን ዝጊ!» አላት ከፋለ። ለሱ ቀላል ነው፤ በላ እንጂ ቃል አልገባ።

ብትናገር ጎረቤቷን ታጣለች። ዝም ብትል ያን ሁሉ ሰው የማይበላውን ታበላለች። ፈራች፤ አፈረችም። የሽንኩርቱ ሽታ አጥሩን ሲሻገር ግን ነጠላዋን አንጠልጥላ ሮጠች።

ዘሃራ ከማማሰሉ ቀና አለች። «እንኳን መጣሽ፣ ሐፍተይ፣ እህቴ! ዛሬ ረቡዕ አይደል? ቅቤ ነክቶት በማያውቅ አዲስ ድስት ሽሮ ሠርቼልሻለሁ። ወላሂ፣ ማማሰያውንም ለይቼዋለሁ።»

ተዋበችን እንባዋ ቀደማት። «ሥጋውን እንዳትጨምሪ! ዘሃራዬ፣ በዚህ ድስት የኛን ሥጋ ሠርቼበታለሁ።»

ዘሃራ ድስቱን ከነሽንኩርቱ አውርዳ ጓሮ ደፋችው። እንግዶቹ በር ላይ «አሰላሙ ዐለይኩም» ሲባባሉ ይሰማል። ስትመለስ ፊቷ ጠቁሮ ነበር። አዲሱን ድስት አነሳች፤ ሽሮውን በጎድጓዳ ሳህን ገለበጠች፤ ድስቱን ለቅለቅ አድርጋ እሳት ላይ ጣደችና ሥጋውን ጨመረችበት።

«ሽሮሽን ቤትሽ ወስደሽ ብዪ» አለች፣ ቀና ሳትል።

ተዋበች ሳህኑን ይዛ ወጣች። ሽሮው ጨው በልኩ የገባበት፣ የሚጣፍጥ ነበር። አልወረደላትም።