የኦቦ ቀጄላ ብሎኬት

ወንዲ ቤት ሊገዛ ላሰበ ሰው ቤቱን የሚመረምር መሐንዲስ ነው። የተሰነጠቀውን ተሰንጥቋል፣ የሚያፈሰውን ያፈሳል ይላል እንጂ ቃል ማሽሞንሞን አያውቅበትም። ነጋዴው ኡዘይርም ቡራዩ ድረስ ይዞት የመጣው ለዚሁ ነው። የአዴ ገለቴን ቤት ገዝቶ ፎቅ ሊጨምርበት አስቧል። እሳቸው ደግሞ ሸጠው ሱሉልታ ልጃቸው ዘንድ ሊገቡ ነው።

አዴ ገለቴ በር ላይ ተቀበሏቸው። «አካም ጂርቱ! ግቡ። ባሌ ቀጄላ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ ያሠራልኝ የብሎኬት ቤት ነው። ሰበታ እናቴ ዘንድ አራስ ሆኜ ሳለሁ አስጨርሶ፣ ልጄን ታቅፌ ስመጣ ቁልፉን ሰጠኝ» አሉ። ፊታቸው በራ።

ወንዲ ቆርቆሮውን አየ፣ የመብራቱን መስመር ፈተሸ፣ መሠረቱን ዞረ። ደህና ነበር። በጓሮ በኩል ግን ከመስኮቱ ሥር ልስኑ ተነፍቷል። በካቻቢቴ ነካ ቢያደርገው ሲሚንቶው ተቀረፈና ጭድ ያለበት ጭቃ፣ ምስጥ የጀመረው እንጨትም ብቅ አለ።

አይ ኦቦ ቀጄላ! ጭቃውን ሲሚንቶ አልብሶ አራሷን ሸውዷት ኖሯል። አሁን ወንዲ ምን ይበል? ዝም ቢል ፎቁ አንድ ቀን በኡዘይር ልጆች ላይ ይናዳል፤ ቢናገር ሟቹን በሚስቱ ፊት ውሸታም ማድረጉ ነው። ኡዘይርን ሳብ አድርጎ ማንሾካሾክ ጀመረ።

«ጮክ በል እንጂ ልጄ» አሉ አዴ ገለቴ ከኋላው። «ጭቃ ነው። አውቃለሁ።»

ሁለቱም ዞሩ።

«በገባሁ በዓመቱ ሚስማር ስመታ አወቅሁ። ብሎኬት ቃል ገብቶልኝ ነበር፣ እጁ አጠረው። እንዴት ደስ ብሎት እንዳሳየኝ አይታችሁት ቢሆን! እስኪሞት አልነገርኩትም። ብሎኬት ማለቱም ልማድ ሆኖብኝ ነው። ፎቁ ግን የሰው ነፍስ አለበት።» እንባቸው ቀደማቸው። «ሰፈሩ ብቻ አይስማብኝ።»

ኡዘይር ጢሙን አሸ። «እንግዲያው ለእኔ አይሆነኝም፣ አዴ። ስለነገሩኝ ግን አላህ ይስጥልኝ።»

ይኼኔ ጎረቤታቸው ማሪቱ በአጥሩ በኩል አንገቷን ብቅ አደረገች።

«አዴ ገለቴ፣ ምነው? እንግዶቹ ብሎኬቱን አልወደዱትም እንዴ?»

አዴ ገለቴ አቀረቀሩ። ኡዘይር ወንዲን አየው።

«ፎቅ ስለማይጨመርበት ነው እንጂ ቤቱስ ጥሩ ነው» አለ ወንዲ። «ኦቦ ቀጄላ ሚስታቸውን ደስ ለማሰኘት ነው የሠሩት።»