ለልጇ የጋገረቻቸው ፈረሶች

ልብስ ሰፊዋ ለበዓሉ ኩኪስ ልትጋግር በማለዳ ተነሳች። ልጇ ከታሰረ ስምንት ወሩ ነው። ባለፈው በዓል የወሰደችለትን ዳቦ የእስር ቤቱ ፈታሽ ሲፈረፍርባት፣ ሦስት ቀን እህል አላሰኛትም ነበር።

"የዛሬውን እንደ ወረቀት አሳስቼ ነው የምጋግርለት" አለቻት ታናሽ እህቷን። "ውስጡ ምንም እንደሌለ በዓይናቸው አይተው ያሳልፉታል።"

"እትዬ፣ ፈታሽ እኮ በእጁ እንጂ በዓይኑ አያምንም።"

ልጁ ሕፃን ሳለ ፈረስ ካልሆነ ኩኪስ አይበላም ነበር። ሊጡን ዳምጣ፣ በካርቶን የሠራችውን የፈረስ ቅርጽ ላዩ ላይ አስቀመጠችና እንደ ጨርቅ ዙሪያውን በቢላ ቆረጠችው። የመጀመሪያው ትሪ አረረ። ሁለተኛው ቀልጦ ተንሰራፋ።

"ይሄስ ጉማሬ ነው" አለች እህቷ ልታስቃት።

አልሳቀችም። የእስረኛ መጠየቂያው ስድስት ሰዓት ላይ ይዘጋል፤ አራት ሰዓት ተኩል ሆኗል፤ ቅቤውም አልቋል። በዱቄታም እጇ ፊቷን ሸፍና ወለሉ ላይ ዘፍ አለች።

"ምን በደልኩህ? ኩኪስ እንኳ ትከለክለኛለህ?" እያለች ፈጣሪዋን ሞገተችው።

እህቷ የተራረፈውን ሊጥ ሰብስባ እንደገና ዳመጠችው። ዘጠኝ ፈረስ ወጣላቸው።

እስር ቤቱ በር ላይ የደረሱት ሊዘጋ ሩብ ሰዓት ሲቀረው ነው። ሽበታሙ ፈታሽ የኩኪሱን ዕቃ ከፈተ።

"ወንድሜ፣ አንዱን ስበርና ራስህ ቅመሰው። ሌላውን ተውልኝ፤ በልጆችህ!" አለችው።

"እህቴ፣ እኔስ ምን ላድርግ? እንጀራዬ ነው።"

ሁሉንም ሰበራቸው። ቀጭ ባለ ቁጥር ዓይኗን ትጨፍናለች።

ልጇ ከመጠየቂያው የሽቦ አጥር ወዲያ መጣ። ከስቷል። ፈታሹ ያቀበለውን ዕቃ ከፍቶ አንድ ስባሪ አነሳና አገላበጠው።

"ፈረስ ነው?"

"ነበር" አለች።

አፉ ውስጥ ጨመረው። እያኘከ እንባው ዱብ ዱብ አለ።

"ስኳሩን አበዛሽው፣ እማዬ።"

"ዝም ብለህ ብላ!" ብላ ተቆጣችው። ከታሰረ ወዲህ ስትቆጣው የመጀመሪያዋ ነበር። ወዲያው ደወል ተደወለ። ልጁ የቀረውን በኪሱ አጭቆ፣ አንድ ወታደር እየነዳው ሄደ። እሷ ሽቦውን ጨብጣ ቀረች።

"እትዬ፣ በቃ፤ እየዘጉ ነው" እያለች እህቷ ጣቶቿን ከሽቦው ታላቅቅ ጀመረች።