ጎረቤት ለቶፉ ሲጠራ

እኛ ቤት ወጥ ቤቱ አንድ ነው፤ ከደረጃው ሥር። ቡታጋዙ ሦስት፣ ቤተሰቡ ሦስት፣ አምፖሉም ሦስት። አምፖሉ ሦስት የሆነው አንዱ የሌላውን መብራት እንዳይበላ ነው። ድስት ግን ምስጢር አይጠብቅም። ማን ዓሣ እንደገዛ፣ ማን ከባሏ ጋር እንደተኳረፈች፣ ከሽታው ይታወቃል።

የዚያን ዕለት አመሻሽ ላይ ስገባ ዪንሁዋ ጎመን ታጥባለች። ዪንሁዋ የጋሽ ፋንግ ምራት ናት፤ ከሩቅ አገር፣ ከጉይጆ ተራሮች ነው የመጣችው። ባሏ መርከብ ላይ ስለሚሠራ አማቷን የምታስታምመው ብቻዋን ነው። አጥባ የጨረሰችውን ጎመን መልሳ ውኃ ውስጥ ትነክረዋለች።

«ጋሼ፣ ይሰማዎታል?» አለችኝ ወደ ጣሪያው እያየች።

ይሰማኛል። ጋሽ ፋንግ ላይ ቤት ከአልጋው ወደ መስኮቱ፣ ከመስኮቱ ወደ አልጋው ይመላለሳል። ሆዱ ውስጥ ያለውን እብጠት ሊያወጡለት ነገ ጠዋት ሆስፒታል ይጠብቁታል። እሱ ግን አልሄድም ብሏል። እብጠቱ ጊዜ አይሰጥህም ሲሉት «እኔም አልሰጠውም» ብሎ ወደ ግድግዳው ዞረ። እህል በአፉ ከዞረም ሰንበት ብሏል።

«ሐኪሙ ዛሬ ማታ ሥጋ የሌለበት ለስላሳ ነገር ይብሉ አለ» አለችኝ። «እሳቸው ደግሞ 'ብቻዬን እንደ ውሻ አልበላም' አሉ። ከበሉ ልባቸው ይመለስ ይሆናል። ስለዚህ ያገኘኋቸውን ጎረቤቶች ጠራሁ።»

«ምን ብለሽ?»

«ማታ ኑና እኛ ቤት ቶፉ ብሉ ብዬ።»

ዝንጅብል መክተፍ ጀምራ ስለነበር ፊቴን አላየችውም፤ ደግ ሆነ።

ቶፉ፣ ያ ከአኩሪ አተር የሚረጋው አይብ መሳይ ነገር፣ በኛ ከተማ የዘወትር ምግብ ነው። ሰው በየቤቱ ቢበላው «ለምን?» የሚለው የለም። ጎረቤት ለቶፉ የሚጠራው ግን ከቀብር መልስ ብቻ ነው። ይህን እዚህ የተወለደ ሕፃን እንኳ ያውቀዋል። ዪንሁዋ አገር ለሠርግም ሳያቀርቡት አይቀሩም።

እትዬ ፓን፣ በጎን ባለው ቡታጋዝ ሩዝ የጣደችው ጎረቤታችን፣ በክርኗ ጎኔን ወጋችኝ።

«ንገራት» አለች በሹክሹክታ።

«አንቺ ንገሪያት።»

«እኔ ከነገርኳት ሟርተኛ እባላለሁ። ያንተ ስም እንደሆነ ድሮም የተበላሸ ነው።»

ሁለታችንም አልነገርናትም። እኔ ቡታጋዜን ለኮስኩ፤ የምጥደው ስላልነበረኝ አጠፋሁት። እትዬ ፓን የሩዙን ክዳን ታነሳለች፣ ትከድናለች። ዪንሁዋ ቶፉውን መዳፏ ላይ አድርጋ በቢላ ቆራረጠችው፤ አንዱ ቁራጭ አምልጧት ወለሉ ላይ ፈረጠ። ዘይቱ ሲግል ዝንጅብሉን ጣለች፣ ቶፉውን በቀስታ አስከተለች፣ ጠርዙ ቀላ እስኪል አገላበጠችው። ጎመኑን የጨመረችው መጨረሻ ላይ ነው፤ ቸስ አለና ወዲያው ሟሸሸ። ወደ ጨው እጇን ዘረጋች፣ መለሰችው፣ እንደገና ዘረጋች።

«ጨው ይቀነስ ብለዋል። ካልጣፈጣቸውስ?» አለች። የጠየቀችው ማንንም አይደለም።

የላይኛው እርምጃ ቀጥ አለ። ሦስታችንም ወደ ጣሪያው አንጋጠጥን። እንደገና ሲጀምር እትዬ ፓን ትንፋሿን ለቀቀች።

ይኸኔ የጓሮው በር ተከፈተና ጋሽ ዳይ ገባ። ጋሽ ዳይ ሰፈሩ ጫፍ የሚኖር ጡረተኛ ነው፤ ወሬ ዘግይቶ ይደርሰዋል፣ ለቅሶ ግን አምልጦት አያውቅም። ክንዱ ላይ ጥቁር ጨርቅ አስሯል። ብብቱ ሥር የተጣጠፈ የሐር አልጋ ልብስ ይዟል፤ በወጉ መሠረት ለቅሶ ቤት ይዘውት የሚሄዱት እሱን ነው።

«አይዞሽ የኔ ልጅ፣ በርቺ» አላት አንገቱን ደፍቶ።

«አመሰግናለሁ፣ ጋሼ። ደግሞ ከተኙ በኋላ ምንም አይሰማቸውም ብለውኛል።»

«አይሰማቸውም» አለ ጋሽ ዳይ።

ከራሱ በላይ እርምጃው አለፈ። ጋሽ ዳይ ጣሪያውን አየ፣ ከዚያ እኔን አየኝ።

«ማነው?»

«ጋሽ ፋንግ ነዋ» አልኩት።

«የቱ ጋሽ ፋንግ?»

«ያለን አንድ ነው።»

አልጋ ልብሱን ከጀርባው ሊደብቅ ሞከረ። አበባ ያለበት ቀይ ሐር ከጀርባ አይደበቅም። በዚህ መሀል እርምጃው ወደ ደረጃው ዞረ፤ ጋሽ ፋንግ ግድግዳውን እየተደገፈ ይወርዳል። ዪንሁዋ ስታየው ደነገጠች፣ ደስም አላት፤ «እዚሁ ይበላሉ? ሳህን ላምጣ!» ብላ በጎኑ ሽቅብ ሮጠች።

«ምንድን ነው የተሸከምከው?» አለው ጋሽ ፋንግ ጋሽ ዳይን።

«ብርድ ነው ብዬ...» አለ ጋሽ ዳይ። ሙቀቱ ሰው ያቀልጥ ነበር።

ጋሽ ፋንግ አልጋ ልብሱን አየ። የክንዱን ጥቁር ጨርቅ አየ። ድስቱ ውስጥ ያለውን ቶፉ አየ። እትዬ ፓን ዓይኗን ጨፈነች።

«ለቶፉ ጠራቻችሁ?»

«አታውቅም እኮ፣ ጋሽ ፋንግ» አልኩት። «አብሮህ የሚበላ ሰው ፈልጋ ነው።»

ቧንቧው ጠብ፣ ጠብ ይላል። ጋሽ ፋንግ በርጩማ ስቦ ተቀመጠ።

«እዚህ ሰፈር ለስንቱ ቶፉ በልቻለሁ» አለ። «ባለቤቱ ራሱ አብሮን የቀመሰበት ቀን ግን ትዝ አይለኝም።» የዪንሁዋን ኮቴ ሲሰማ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «እንዳትነግሯት። አንተም ያንን ጨርቅ ፍታ።»

አቀረበችለት። ሲያላምጥ ሁላችንም አገጩን እናያለን።

«ጨው የለውም» አለ።

ዪንሁዋ ከንፈሯን ነከሰች። እሱ ግን ደገመ፣ ሠለሰ፣ ሳህኑን ዘረጋላት። «ጎመኑን አብዢልኝ። እናንተስ? እኔን ለማየት ነው የመጣችሁት?»

በላን። ጋሽ ዳይ አልጋ ልብሱን ጉልበቱ ላይ አስቀምጦ፣ እንዳይፈስበት እየተጠነቀቀ በላ።

«አባባ» አለች ዪንሁዋ ቆይታ፣ «ነገስ?»

«ስንት ሰዓት ነው?»

«በማለዳ። ምንም ሳይቀምሱ።»

«እንግዲያው ድስቱን ወዲህ በይው።»

ሲነሳ አልጋ ልብሱን ከጋሽ ዳይ ጉልበት ላይ አነሳው። ጆሮው ሥር ጎንበስ ብሎ የተናገረውን እኔም ጆሮዬን አስጠግቼ ስለነበር ሰማሁት። «ሆስፒታል ይበርዳል ይላሉ። ከተመለስኩ እመልስልሃለሁ። ካልተመለስኩ ሌላ እንዳትገዛ፤ ያንተ ደርሶኛል።»

ወጣ። እርምጃው ከላይ እንደገና ጀመረ፤ አሁን ግን በየመሀሉ መሳቢያ ሲከፈትና ሲዘጋ ይሰማል። ዪንሁዋ ሳህን እያጠበች አዳመጠች።

«ጋሼ፣ ሊሄዱ ነው አይደል?»

«እያሰናዳ ነው።»

ያጠበችውን ሳህን መልሳ አጠበች። «ግን ጎረቤቶቹ ምን ሆነው ነው? ማንም አልተጫወተም እኮ።»

እትዬ ፓን የሩዝ ድስቷን አንስታ ወደ ክፍሏ ሄደች።

«ጨው አንሶት ነው» አልኳት።