ከአሌክሳንድሪያ የመጣው ለቀስተኛ

ጸዳለ ስልኩን ዘግታ ጉልበቷ ላይ አስቀመጠችው። የሲልቨር ስፕሪንጉ አፓርትመንቷ በለቀስተኛ ሞልቶ ስለነበር፣ ልጇ ማቲያስ ጠጋ ብሎ ማን እንደደወለ በሹክሹክታ ጠየቃት።

«አንድ አልጄሪያዊ ነው» አለችው። «አባትህን ‹ክቡር እንደራሴ› ብሎ ጠራው። እዚሁ ቅርብ ካለችው ከአሌክሳንድሪያ ከተማ እየመጣሁ ነው አለኝ።»

ማቲያስ ፊቱ ተለዋወጠ። ፖሊስ ኮል ላድርግ ወይ አላት። ለቅሶ ቤት ፖሊስ አይጠራም ብላ ከለከለችው፤ ከዚያ ወዲያ ግን ኮሪደሩ ላይ ኤሌቬተሩ በተከፈተ ቁጥር ወደ በሩ ትዞር ጀመር።

ሟቹ ባሏ አርማን ፈረንሳዊ ነበር። እሷ ያወቀችው አዲስ አበባ ታሪክ ሲያስተምር ነው፤ ከአብዮቱ በኋላ ተያይዘው አሜሪካ ገቡ። ከሁሉ በፊት ግን፣ ገና በጎልማሳነቱ፣ ፓሪስ ውስጥ የምክር ቤት አባል ነበር። የአልጄሪያ ጦርነት ሲፋፋም፣ ለጦሩ ልቅ ሥልጣን የሚሰጥ ሕግ ሲቀርብ ደግፎ እጁን አወጣ። ቆይቶ ጦሩ በዚያ ሥልጣን ምን እንደሚሠራ ሄዶ በዓይኑ አየ። ተመልሶም በምክር ቤቱ ፊት፣ ሰው እየተገረፈ፣ ሬሳ እየተሰወረ ነው ብሎ ተናገረ። የገዛ ወገኖቹ ከሃዲ አሉት፤ ቤቱን በቦምብ አነደዱት። በሚቀጥለው ምርጫ ወንበሩን አጣ። ፖለቲካው በዚያው አበቃ፣ ፍርሃቱ ግን እዚህም ድረስ ተከትሎት መጣ።

«ወገኖቼ ሊበቀሉኝ ከመጡ ስለተናገርኩት ነው» ብሏት ነበር አንድ ቀን። «አልጄሪያዊ ከመጣ ግን እጄን ስላወጣሁበት ነው። ለእሱ መልስ የለኝም።»

በሩ ተንኳኳ። ማቲያስ ሲከፍት ከዘራ የያዘ ሽማግሌ ቆሟል። በፈረንሳይኛ ሀቢብ እባላለሁ ብሎ፣ ገብቶ ከጸዳለ ፊት ለፊት ተቀመጠ።

«አባቴን ወታደሮች ሲወስዱት ልጅ ነበርኩ» አላት። «ባለቤትዎ ያን ሰሞን አልጄርስ መጥተው ነበር። እናቴ ካረፉበት ሆቴል ደጃፍ ቁጭ ብላ ጠበቀቻቸው።»

«አዳነው?» አለች ጸዳለ።

«አልደረሱለትም፤ ሞቶ ነበር። ግን ሬሳውን ካልሰጣችሁኝ ከዚህ ንቅንቅ አልልም ብለው እስር ቤቱ በር ላይ ቆሙ። ይዘውልን መጡ። በሰፈራችን ስንቱ አባቱን ሳይቀብር ቀረ፤ እኛ ቀበርን።»

ይህን አርማን አንድም ቀን ነግሯት አያውቅም። እዚያ ላይ ዝም ብትል ማንም አይፈርድባትም ነበር። እሷ ግን አላስቻላትም።

«ሕጉ ሲወጣ እጁን አውጥቷል። ያውቃሉ?»

«አውቃለሁ። ሬሳውን ያመጡ ዕለት ራሳቸው ለእናቴ ነገሯት። እስክትሞት ይቅር አላለቻቸውም። ቢሆንም፣ ሞታቸውን ከሰማህ ሄደህ ቅበራቸው ብላኝ ነበር። ጋዜጣ ላይ ያየሁት ዘግይቼ ነው፤ ለቀብሩ አልደረስኩም።»

ምሳ ቀርቦ ጎረቤቷ አፀደ እንግዶቹን እጅ ታስታጥብ ነበር። ሐዘንተኛ ከተቀመጠችበት አትነሣም፤ ጸዳለ ግን ተነሣች። ማንቆርቆሪያውን ከአፀደ ተቀብላ ሀቢብ ፊት ጎንበስ አለች። ውሃው ከጣቶቹ አልፎ የኮቱን እጅጌ አራሰው፤ ሽማግሌው እጁን አልሰበሰበም።